ሰዓቱ ወደ ኋላ ቢሄድ የት ላይ እናቁመው?

አማርኛችን ስለ ጊዜ ሲያወራ ግራ የሚያጋባ ጸባይ አለው፡፡ ያለፈውን «በፊት» ይለዋል፤ የሚመጣውን «በኋላ»፡፡ ፊት ዓይናችን ያለበት ወገን ነው፡፡ ኋላ ደግሞ ጀርባችን፡፡ በዚህ ሒሳብ ከሄድን ያለፈው ዘመን ፊት ለፊታችን ተዘርግቶ እያየነው፣ ወደሚመጣው ግን በጀርባችን እያፈገፈግን ነው የምንገባው ማለት ነው፡፡ መጪውን አናየውማ! እስከዚህ ድረስ ያስኬዳል፡፡ ችግሩ የሚመጣው «ምነው ጊዜው ወደ ኋላ በተመለሰ» ስንል ነው፡፡ ይኼኛው «ኋላ» ነገ ሳይሆን ትናንት ነው፡፡ እንግዲህ ነገንም ትናንትንም በአንድ ቃል የምንጠራ ሰዎች ነን፡፡

አያቶቻችን በዚህ ብዙ አልተጨነቁም፡፡ «የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም» ብለው ዘጉት፡፡ «ባለፈ ክረምት ቤት አይሠራም» ብለው ደግሞ ቆለፉት፡፡ የሰው ምኞት ግን በተረትና ምሳሌ አይቆለፍም፡፡ የሰው ልጅ ከ2000 ዓመታት በላይ ጊዜ ወደ ኋላ የሚሄድበትን ተአምር፣ አስማትና ሰዓት ሲያልም፣ ሲጽፍ፣ ሲብስም ፊልም ሲሠራበት ኖሯል፡፡ ዛሬ የምናወጋችሁ የዚያን ሕልም ታሪክ ነው፡፡ (የውጭዎቹ ዓመታት እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው፤ የአገር ቤቶቹ ላይ ዓ.ም. ብለናል፡፡)

ወደ ታሪኩ ከመግባታችን በፊት ያስተዋልነውን አንድ ነገር እንናገር፡፡ በደህና ቀን ጊዜ ወደ ኋላ እንዲሄድለት የተመኘ ሰው የለም ማለት ይቻላል፡፡ ይህ ሕልም የሚወለደው ሕመምተኛ አልጋ አጠገብ፣ የፈረሰ ግንብ ሥር፣ ከጦርነት ማግስት ነው፡፡ ስለዚህ የዚህ ቅዠት ታሪክ፣ ጠጋ ብለው ሲያዩት፣ የሐዘን ታሪክ ነው፡፡

የአካዝ ደረጃና አንድ ጥፍጥፍ በለስ

ለእኛ አገር ሰው ከሁሉ የሚቀርበው ታሪክ የንጉሥ ሕዝቅያስ ነው፡፡ በመጽሐፈ ነገሥትና በትንቢተ ኢሳይያስ ተጽፏል፡፡ ሕዝቅያስ ለሞት የሚያደርስ ሕመም ታመመ፡፡ ነቢዩ ኢሳይያስ መጥቶ «ቤትህን አስተካክል፣ አትድንም» የሚል መልእክት ነገረው፡፡ ንጉሡ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ አለቀሰ፡፡ ነቢዩ ገና ከግቢው ሳይወጣ ሌላ መልእክት መጣለት፤ 15 ዓመት ተጨምሮልሃል የሚል፡፡ ቁስሉ ላይ የበለስ ጥፍጥፍ ተደረገለት፡፡ ሕዝቅያስ ምልክት ጠየቀ፤ ጥላው አሥር ደረጃ ወደ ፊት ይሂድ ወይስ ወደ ኋላ ይመለስ ተብሎ ምርጫ ቀረበለት፡፡ ወደ ፊት መሄዱማ ቀላል ነው፣ ወደ ኋላ ይመለስ አለ፡፡ በአባቱ በአካዝ ደረጃ ላይ የወረደው ጥላ አሥር ደረጃ ተመለሰ፡፡

ብዙ ጊዜ ስብከቱ እዚህ ላይ ያልቃል፡፡ መጽሐፉ ግን አይቆምም፡፡ ሕዝቅያስ ሲሞት ልጁ ምናሴ ነገሠ፤ የነገሠው በ12 ዓመቱ ነው፡፡ ስሌቱን እናንተው ሥሩት፡፡ አባቱ ከታመመ በኋላ የኖረው 15 ዓመት ነው፤ ስለዚህ ምናሴ የተወለደው በተጨመረው ዕድሜ ውስጥ ነው፡፡ ይኼው ምናሴ 55 ዓመት ነግሦ ኢየሩሳሌምን በንጹሐን ደም የሞላ ንጉሥ ሆኖ ነው የተመዘገበው፡፡ ሙሉ ጽሑፉ በግዕዝ ብቻ ተጠብቆ ለዓለም የደረሰው ዕርገተ ኢሳይያስ ደግሞ ነገሩን አንድ እርምጃ ይወስደዋል፤ ምናሴ ኢሳይያስን በመጋዝ አሰነጠቀው ይላል፡፡ ጥላውን ወደ ኋላ ያስመለሰውን ነቢይ፣ በተመለሰው ጊዜ የተወለደው ልጅ ገደለው ማለት ነው፡፡ የጥንት ጸሐፊዎቹ ተአምሩን አልካዱም፤ ዋጋውን ግን አልደበቁም፡፡

በለስ ካነሳን አይቀር ሌላም አለ፡፡ ኤርምያስን ከጉድጓድ በገመድ ጎትቶ ያወጣው ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ፣ በተረፈ ባሮክ ውስጥ በለስ ይዞ ዛፍ ጥላ ሥር ይተኛና 66 ዓመት አልፎት ይነቃል፡፡ በለሱ አሁንም ትኩስ ነው፡፡ ከተማው ግን የሚያውቀው ከተማ አይደለም፤ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ተማርኮ ሄዷል፡፡ እዚህ ጊዜ ወደ ኋላ አልሄደም፤ ለአንድ ሰው ቆመለት እንጂ፡፡ አቤሜሌክ ኢየሩሳሌም ስትወድቅ ከማየት ተረፈ፡፡ በምላሹም የገዛ ከተማው እንግዳ ሆነ፡፡

የፕላቶ ሽማግሌዎች

ከኢየሩሳሌም ወደ አቴና እንሻገር፡፡ ፕላቶ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ስለ መሪነት በጻፈው ምልልስ ውስጥ አንድ እንግዳ ሰው የሚያወራው ተረት አለ፡፡ ዓለምን አንዳንድ ጊዜ አምላክ ራሱ ይዞ ያዞራታል፤ አንዳንድ ጊዜ ደግሞ ይለቃታል፤ ስትለቀቅ ወደ ተቃራኒው ትዞራለች፡፡ ዙሩ ሲገለበጥ ሰዎች ማርጀት ያቆማሉ፡፡ የሽማግሌዎች ሽበት ይጠቁራል፣ የጎልማሶች ጉንጭ ፂሙን ያራግፋል፣ ወጣቱ ሕፃን ይሆናል፣ ሕፃኑም አንሶ አንሶ ይጠፋል፡፡ ሰዎችም ከእናት ማኅፀን ሳይሆን ከመሬት ነው የሚነሱት፡፡

በዚያ ዘመን መንግሥት የለም፣ ቤተሰብ የለም፣ እርሻ የለም፤ ሁሉ ነገር ራሱ ይበቅላል፡፡ ገነት ነው በሉት፡፡ ነገር ግን እነዚያ ሰዎች ከዚያ በፊት የነበረውን ምንም አያስታውሱም፡፡ ፕላቶ የሚጠይቀው ጥያቄ ጥሩ ነው፤ ከእኛና ከእነሱ ማን የበለጠ ደስተኛ ነው? መልሱ ባላቸው ትርፍ ጊዜ ምን እንደሠሩበት ይወሰናል ይላል፡፡ ተማምረውበትና ጠይቀውበት ከሆነ እነሱ ይበልጣሉ፤ በልተው ጠጥተው ተረት ብቻ ካወሩበት ግን… መልሱ ግልጽ ነው፡፡

ከዚህ አንድ ነገር እንያዝ፡፡ ጊዜ ከምሩ ወደ ኋላ ከሄደ ትዝታም አብሮ ይሄዳል፡፡ ወጣትነቱን የተመለሰለት ሽማግሌ፣ አንድ ጊዜ ሽማግሌ እንደነበረ አያውቅምና «ወጣት ሆንኩ» ብሎ መደሰት እንኳን አይችልም፡፡

ፍርዱ ኋላ፣ ወንጀሉ ከዚያ በኋላ

ሌዊስ ካሮል በሚል የብዕር ስም የምናውቀው ቻርልስ ዶጅሰን በኦክስፎርድ የሂሳብ መምህር ነበር፡፡ የአሊስን ሁለተኛ ታሪክ በ1871 ለገበያ ሲያወጣ ወደ ኋላ የምትኖር ነጭ ንግሥት ፈጠረ፡፡ ንግሥቲቱ መጀመሪያ ትጮሃለች፣ ቀጥሎ ጣቷ ይደማል፣ መጨረሻ ላይ መርፌው ይወጋታል፡፡ የንጉሡ መልእክተኛ ደግሞ አሁን እስር ቤት ገብቶ እየተቀጣ ነው፤ ችሎቱ የሚጀምረው በሚቀጥለው ረቡዕ ነው፤ ወንጀሉ የሚፈጸመው ከሁሉ መጨረሻ ነው፡፡ አሊስ ወንጀሉን ጭራሽ ባይፈጽመውስ ብላ ትጠይቃለች፡፡ ንግሥቲቱ ታዲያ ያማ ይሻላል ባይ ናት! የእንግሊዝ ልጆች በዚህ ቀልድ ከመቶ ዓመት በላይ ስቀዋል፡፡ «ታስሮ ይጣራል» የሚለውን አሠራር የሚያውቅ አንባቢ ግን ከመሳቁ በፊት ትንሽ ቆም ሳይል አይቀርም፡፡

ካሮል በ1889 ባሳተመው ሌላ መጽሐፍ ደግሞ ከምር አስማተኛ የሆነ ሰዓት አለ፡፡ መርፌዎቹን ወደ ኋላ ስትመልሳቸው ዓለሙ አብሮ ይመለሳል፡፡ ባለታሪኩ አንድ ወጣት ከጋሪ በወደቀ ሣጥን የተነሳ ከብስክሌቱ ወድቆ ሲጎዳ ያያል፡፡ ሰዓቱን ይመልሳል፣ ሣጥኑን ከመንገዱ ያነሳል፣ ወጣቱ በሰላም ያልፋል፡፡ ደስ አይልም? ግን ጊዜው እየገሰገሰ መርፌው ወደተመለሰበት ደቂቃ ሲደርስ፣ ያ ቁስለኛ ወጣት እንደገና ደሙን እያፈሰሰ ይታያል፡፡ አልተረፈም፡፡ ሰውየውም በሰዓቱ ተናደደበት፡፡

ይኼው ሰዓት ጊዜን ገልብጦ የሚያስኬድበት ሌላ ብልሃትም አለው፡፡ ባለታሪኩ አንድ ቤተሰብ ምሳ ሲበላ በዚያ ብልሃት ያያቸዋል፡፡ ሥጋው ከአፍ ወደ ሳህን ይመለሳል፣ ከሳህን ወደ ሙዳው ይገጠማል፣ ጥብሱም ቀስ በቀስ ጥሬ ይሆናል፡፡ አስቂኝ ነው፤ ነገር ግን አንድም ሰው አልጠገበም፡፡

ግንቡ ተነሣ

በ1896 ይህ ሁሉ ከወረቀት ወጥቶ ሸራ ላይ ታየ፡፡ የሲኒማ አባቶች ከሚባሉት የሊዮኖቹ ወንድማማቾች አንዱ ሉዊ ሉሚየር፣ ሠራተኞች ግንብ ሲያፈርሱ ቀረጸ፡፡ ወንድሙ ኦገስት ቆሞ ያዛል፤ ግንቡ ይወድቃል፤ አቧራው ይነሳል፡፡ ፊልሙ በቀጥታ ከታየ በኋላ ተገልብጦ ይታይ ጀመር፡፡ አቧራው ተሰበሰበ፣ ፍርስራሹ ከመሬት ተነሣ፣ ግንቡ ቀጥ ብሎ ቆመ፡፡ የሰው ልጅ ለመጀመሪያ ጊዜ ጊዜ ወደ ኋላ ሲሄድ በዓይኑ ካየባቸው ሥራዎች አንዱ ይህ ነው፡፡

ሶቭየታዊው ዚጋ ቨርቶቭ በ1924 ያንኑ ብልሃት ለትምህርት ተጠቀመበት፡፡ ገበያ ላይ ያለውን የበሬ ሥጋ ወደ ቄራ መለሰው፤ ቆዳውን አለበሰው፤ በሬው ተነሥቶ ወደ መንጋው ሄደ፡፡ ዳቦውንም ወደ እርሻው ሰደደው፡፡ ዓላማው ሰዎች የሚበሉት ነገር ከየት፣ በማን ድካም እንደመጣ እንዲያዩ ነበር፡፡ በእኛ ግምት፣ ከዚህ ሁሉ ሰልፍ ውስጥ ጊዜን ገልብጦ ጠቃሚ ሥራ የሠራበት ሰው ቨርቶቭ ነው፡፡ ወደ ኋላ የሄደው ለመርሳት አልነበረም፤ ምክንያቱን ለመፈለግ ነበር፡፡

የፈረሰ ቤት ጉዳይ ወደ ኩባም ይወስደናል፡፡ አሌሆ ካርፔንቲየር በ1944 በጻፈው አጭር ልቦለድ ውስጥ አንድ አሮጌ የባለርስት ቤት እየፈረሰ ነው፡፡ ሠራተኞቹ አምሽተው ሲሄዱ አንድ ሽማግሌ ጥቁር ሰው በትሩን ያወዛውዛል፡፡ ንጣፎቹ ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ፣ ሻማዎቹ እየነደዱ ያድጋሉ፣ የሞተው ባለርስት ከአልጋው ይነሳል፤ ከዚያ ወጣት፣ ልጅ፣ ሕፃን እየሆነ ይሄዳል፡፡ ጊዜው ግን አይቆምም፡፡ የቤት ዕቃው ወደ ዛፍነቱ፣ ብረቱ ወደ ማዕድኑ ይመለሳል፡፡ ጠዋት ሠራተኞቹ ሲመጡ የሚያፈርሱት ነገር የለም፡፡ ቤቱን ለማዳን ወደ ኋላ የተነሳው ጊዜ፣ ቤቱ ከመኖሩ በፊት ድረስ ሄዶ ባዶ መሬት አስረከባቸው፡፡ በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ አሮጌ ሰፈሮች ሲፈርሱ ፎቶ እየተቀባበለ የከረመ ሰው ይህን ታሪክ በቀላሉ ይረዳዋል፡፡

ፊዚክስ በዚህ ላይ ምን ይላል?

ተረት ብቻ አይሁንብን፡፡ ከረንቡላ ሲጫወቱ ሁለት ኳሶች ሲጋጩ ብቻ ቀርጻችሁ ቪዲዮውን ብትገለብጡት፣ የትኛው ቀጥታው የትኛው ግልባጩ እንደሆነ መለየት ይቸግራል፡፡ የኒውተን ሕጎች ለሁለቱም አቅጣጫ እኩል ይሠራሉና፡፡ ማኪያቶ ሲቀላቀል ቀርጻችሁ ብትገለብጡት ግን ሕፃን ልጅም ያውቅባችኋል፤ ወተት ከቡና ተለይቶ ወደ ማንቆርቆሪያው ሲመለስ ያየ የለም፡፡

ታዲያ ይህ ልዩነት ከየት መጣ? ኦስትሪያዊው ዮሴፍ ሎሽሚት በ1876 ወዳጁን ሉድቪግ ቦልዝማንን በዚሁ ነገር አፋጠጠው፡፡ ቅንጣቶቹ ሁሉ ወደ ኋላ መሄድ ከቻሉ ወተቱ ለምን አይለይም? ቦልዝማን በቀጣዩ ዓመት የሰጠው መልስ ቁም ነገሩ ቁጥር ነው፡፡ ወተትና ቡና ተለያይተው የሚቀመጡባቸው አደራደሮች በጣም ጥቂት ናቸው፤ ተቀላቅለው የሚሆኑባቸው ግን ለቁጥር የሚታክቱ፡፡ ካርታ በውዝታችሁ ከአስ እስከ ንጉሥ በተርታ ቢወጣላችሁ የፊዚክስ ሕግ አልተጣሰም፤ ዕድሜያችሁ ግን ያንን ለመጠበቅ አይበቃም፡፡ አርተር ኤዲንግተን በ1928 ባሳተመው መጽሐፍ ለዚህ አንድ አቅጣጫ ላለው ጉዞ «የጊዜ ቀስት» የሚል ስም አወጣለት፡፡ ቀስቱ ከመነሻው ለምን ወደዚህ ተወረወረ፣ ማለትም ዓለም ለምን በዚያ ሁሉ ሥርዓት ጀመረች የሚለው ግን እስከ ዛሬም ሊቃውንቱን እያከራከረ ነው፡፡

አንድ የምትገርም ነገር እንጨምር፡፡ በ1950 ኧርዊን ሃን የተባለ አሜሪካዊ የፊዚክስ ሊቅ የተበተነ የሚመስል ነገር እንደገና የሚሰበሰብበትን መንገድ አገኘ፡፡ በምሳሌ እንየው፡፡ ጃን ሜዳ ላይ ፍጥነታቸው የተለያየ ሯጮች በአንድ መስመር ተነሡ እንበል፡፡ ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ተበታትነዋል፡፡ ፊሽካ ሲነፋ ሁሉም ዞረው በዚያው ፍጥነታቸው ቢመለሱ፣ መነሻው ላይ እኩል ይደርሳሉ፡፡ ሃን ይህንን የአቶም እምብርቶች ላይ በሬዲዮ ሞገድ ሠራው፡፡ ዛሬ ሆስፒታል ሄዳችሁ ኤም አር አይ ስትነሱ ማሽኑ የሚጠቀመው ይህንን «ማሚቶ» ነው፡፡ ጊዜ ወደ ኋላ አልሄደም፤ ጉዞው ብቻ ነው የተመለሰው፡፡ የሚሠራውም ቅንጣቶቹ የመጡበትን መንገድ እስካልጠፋባቸው ድረስ ነው፡፡ ይቺን ያዙልን፤ የመጡበትን እስካልጠፋባቸው ድረስ!

ሰዓት ሠሪው እና ሐኪሙ

ስኮት ፊዝጄራልድ በ1922 ሽማግሌ ሆኖ ተወልዶ ሕፃን ሆኖ ስለሚያልቀው ቤንጃሚን በተን ሲጽፍ ቀልድ ይበዛበት ነበር፡፡ ዴቪድ ፊንቸር በ2008 ወደ ፊልም ሲቀይረው መጀመሪያው ላይ በመጽሐፉ የሌለ አንድ ማየት የተሳነው ሰዓት ሠሪ ጨመረበት፡፡ ሰውየው ለኒው ኦርሊንስ ባቡር ጣቢያ ትልቅ ሰዓት ሲሠራ አንድ ልጁ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ይሞታል፡፡ ሰዓቱ ተመርቆ መጋረጃው ሲገለጥ መርፌው ወደ ኋላ ይሄዳል፡፡ የሞቱት ልጆች ተነሥተው ወደ ቤታቸው ይመለሱ ይሆናል ብሎ ነው፡፡ እውነቱን እንናገር፤ በ2013 ዓ.ም. የተጀመረውና በ2015 ዓ.ም. ፕሪቶሪያ ላይ የሰላም ስምምነት የተፈረመበት ጦርነት በየቤቱ ስንት ሰዓት ሠሪ እንዳስቀረ የምናውቅ ሰዎች ነን፡፡ በዚህ ምኞት ላይ ለመሳቅ አንችልም፡፡

ኩርት ቮኔገት ድሬስደን በየካቲት 1945 በቦምብ ስትነድ ከተማዋ ውስጥ የጦር እስረኛ ነበር፡፡ በ1969 ባሳተመው ልቦለድ ውስጥ ባለታሪኩ የጦርነት ፊልም ተገልብጦ ያያል፡፡ አውሮፕላኖቹ እሳቱን ከከተማዋ ይመጣሉ፣ ቦምቦቹን ወደ ሆዳቸው ይሰበስባሉ፣ ወደ አገራቸው ይወስዷቸዋል፤ ፋብሪካ ውስጥ ሴቶች ይፈታቷቸዋል፤ ማዕድኑም ማንንም እንዳይጎዳ መሬት ይቀበራል፡፡ እንዲህ ያለ የሰላም ሕልም በጦርነት ላይ ብዙ አልተጻፈም፡፡

ማርቲን ኤሚስ ግን በ1991 ያንን ሕልም አንስቶ አስፈሪ ጎኑን አሳየን፡፡ የልቦለዱ ባለታሪክ በአሜሪካ በሐሰት ስም የሚኖር ናዚ ሐኪም ነው፡፡ ታሪኩን የሚነግረን በውስጡ ያለ አንድ ድምፅ ነው፤ ይህ ድምፅ የሰውየውን ሕይወት የሚያየው ከሞቱ ወደ ልደቱ ነው፤ ስለ በፊቱም አያውቅም፡፡ አሜሪካ ውስጥ ሐኪሙ ጤነኛ ሰዎችን ተቀብሎ ቁስላቸውን ከፍቶ ሲሸኝ ያያልና ጨካኝ ይመስለዋል፡፡ ኦሽዊትዝ ሲደርስ ግን… ከጭስና ከአመድ ሰዎች ሲፈጠሩ፣ ልብስና ፀጉር ሲሰጣቸው፣ ተሳፍረው ወደ ቤታቸው ሲላኩ ያያል፡፡ ሐኪሙ አዳኝ ሆነ! በሕይወቱ የሚኮራበት ዘመን ያ ሆነ፡፡

ቆም ብላችሁ አስቡት፡፡ አንዲት ሐሰት አልተጨመረችም፤ አንድ ድርጊት አልተቀነሰም፡፡ የተቀየረው ቅደም ተከተሉ ብቻ ነው፤ ገዳዩም ሐኪም ሆነ፡፡ ፊሊፕ ኬ. ዲክ ቀደም ብሎ በ1967 በጻፈው ልቦለድ ውስጥ ጊዜ ሲገለበጥ ሙታን ከመቃብር መጣራት ይጀምራሉ፡፡ በዚያ ዓለም ውስጥ በጣም የሚፈራው ተቋም ግን ቤተ መጻሕፍቱ ነው፡፡ ሥራው መጻሕፍትን መሰረዝ ነዋ! ጊዜ ወደ ኋላ በሄደ ቁጥር የተጻፈው ሁሉ ወዳልተጻፈበት ይመለሳል፡፡

ታዲያ የት ላይ እናቁመው?

ጋዜጠኝነት ስንማር በመጀመሪያ ከሚያስተምሩን ነገሮች አንዱ የተገለበጠ ፒራሚድ ነው፡፡ ዜና ከመጨረሻው ይጀምራል፤ ስንት ሞቱ፣ ምን ተቃጠለ፡፡ ምክንያቱ ታች ይወርዳል፤ ቦታ ከጠበበም የሚቆረጠው እሱ ነው፡፡ ለዜና ጥሩ ነው፡፡ ታሪክን እንዲህ ሲያነቡት ግን የኤሚስን ድምፅ መሆን ይመጣል፤ ያየውን ሁሉ በትክክል የሚናገር፣ ያየውን ግን አንዱንም ያልተረዳ፡፡

አገራችን በዚህ በኩል ልዩ ናት፡፡ የዘመን አቆጣጠራችን ከአውሮፓው በ7 ወይም በ8 ዓመት ዝቅ ስለሚል፣ ሦስተኛውን ሺህ ዓመት በመስከረም 1 ቀን 2000 ዓ.ም. ስንቀበል እነሱ 2007 ላይ ነበሩ፡፡ ለቱሪስትም «ኑና 7 ዓመት ወጣት ሁኑ» እንላለን፡፡ ቀልዱ ቆንጆ ነው፡፡ የማያስቀው ሌላው ሰዓታችን ነው፡፡ ፖለቲካችን ውስጥ ጊዜን ወደ ኋላ መመለስ የማይፈልግ ወገን ማግኘት ከባድ ሆኗል፡፡ ችግሩ ሁሉም ሰዓቱ የሚቆምበትን ቦታ ለየብቻው መርጧል፡፡ አንዱ ከ1966 ዓ.ም. በፊት ላይ ይቁምልኝ ይላል፤ ያ ዘመን ለጎረቤቱ አባት የጭሰኝነት ዘመን ነው፡፡ ሌላው ከዚያ በኋላ ያለውን ይናፍቃል፤ ያ ዘመን ለአንዲት እናት ልጇን ያጣችበት የቀይ ሽብር ዘመን ነው፡፡ ሌላው ከ1983 ዓ.ም. ወዲህ ያለውን ይመርጣል፤ በዚያም ውስጥ የታሰረ፣ የተሰደደ፣ የተገደለ አለ፡፡ ራቅ ብሎ ሄዶ መቶ ዓመት፣ ሺህ ዓመት የሚመርጥም አይጠፋም፡፡ የማንም ወርቃማ ዘመን የሌላው ቁስል ያልሆነበት ዓመት በካሌንደሩ ላይ ፈልገን አጣን፡፡

የካሮልን ሰዓት አስታውሱ፤ መርፌው የትም ይመለስ፣ ቁስለኛው ይመጣል፡፡ የካርፔንቲየርን በትር አስታውሱ፤ አንዴ ከተነሣ የምትወዱት ላይ አይቆምም፡፡ ሕዝቅያስ እንኳን አሥር ደረጃ ብቻ ነው የተመለሰለት፤ ከተመለሰው ውስጥ ምናሴ ወጣ፡፡

ከሁሉ በላይ ግን የምንሰጋው ለሟቾቹ ነው፡፡ «ያለፈውን እንርሳው፣ ከአዲስ እንጀምር» የሚለው ምክር ለስላሳ ይመስላል፡፡ በተግባር ግን የዲክ ቤተ መጻሕፍት ነው፤ የተጻፈውን ይሰርዛል፡፡ በተቃራኒው በደልን ሁሉ ከመጨረሻው ብቻ ጀምሮ መቁጠር ደግሞ የነጭ ንግሥት ችሎት ነው፤ ቅጣቱ መጀመሪያ፣ ጥፋቱ ኋላ፡፡ የሚኒስትሮች ምክር ቤት በሚያዝያ 2016 ዓ.ም. የሽግግር ፍትሕ ፖሊሲ አጽድቋል፡፡ ስለ አፈጻጸሙ ብዙ መከራከር ይቻላል፤ መከራከርም አለብን፡፡ መነሻው ጥያቄ ግን ቅደም ተከተሉን የጠበቀ ጥያቄ መሆን አለበት፤ ምን ተደረገ? ማን አደረገው? በማን ላይ? ከዚያ በኋላ ነው ፍርዱም፣ ካሣውም፣ ይቅርታውም የሚመጣው፡፡ ይቅርታ ራሱ ጊዜን ወደ ኋላ መመለስ አይደለም፡፡ የሆነውን እንደሆነ ይዞ፣ ከዚያ ወዲያ መራመድ ነው፡፡

መስቀል አደባባይ ዳር ያለው፣ በ2002 ዓ.ም. የተከፈተው የቀይ ሽብር ሰማዕታት መታሰቢያ ሙዚየም ለዚህ ጥሩ ትምህርት ቤት ነው፡፡ ፎቶግራፎቹ ወጣት እንደሆኑ ቀርተዋል፤ እንደ ቤንጃሚን በተን አላነሱም፣ እንደ እኩዮቻቸውም አላረጁም፡፡ ሰዓቱን እንድንመልስላቸው የሚጠይቁን አይመስለንም፤ አንችልምና፡፡ የሃን ሯጮች መመለስ የቻሉት የመጡበት መንገድ ስላልጠፋባቸው ነበር ብለናል፡፡ ሙዚየም፣ መዝገብ፣ ምስክርነት፣ የአያት ወግ… እነዚህ ሁሉ የመጣንበት መንገድ ናቸው፡፡

እንግዲህ አማርኛችን ልክ ሳይሆን አይቀርም፡፡ ያለፈው «በፊት» ነው፤ ዓይናችን ሥር ነው፡፡ ሊታይ እንጂ ሊገባበት አይደለም፡፡ መጪው «በኋላ» ነው፤ በጀርባችን እንገባበታለን፡፡ እያፈገፈገ የሚሄድ ሰው እንዳይወድቅ የሚረዳው ነገር አንድ ብቻ ነው፤ የተሻገረውን ጉድጓድ ከዓይኑ አለማጥፋት፡፡

እናንተስ፣ ሰዓቱ እጃችሁ ላይ ቢሆን የት ላይ ታቆሙታላችሁ? ከመመለሳችሁ በፊት ግን አጠገባችሁ ያለውን ሰው ጠይቁት፤ እዚያ ዘመን ላይ እሱ የት ነበር?

ቸር እንሰንብት፡፡